ዘጠነኛው ፋይል

ወንድም ጋሼ የልብስ ስፌት መኪና ጠጋኝ ነው። መርፌው ሦስቴ ወርዶ ከወጣ ይበቃዋል፤ የቱ ጥርስ እንደተበላ በጆሮው ለይቶ ይነግራችኋል። ይህን አመሉን ቤት ድረስ ይዞት ይገባል።

ለአንዲት ዘፋኝ ነፍሱን ይሰጣል። ዘፋኟ በየአልበሟ ትለዋወጣለች፤ መጀመሪያ ከሙሉ ባንድ ጋር ጮኸች፣ ቀጥሎ በኮምፒውተር ምት ጨፈረች፣ አሁን ደግሞ በአንድ ጊታር ታንሾካሹካለች። እሱ ሁሉንም ጥራቱ ባልተቀነሰ ፋይል ይሰበስባል። ይሰማቸዋል ካላችሁ ግን ተሸውዳችኋል። የድምፁን ሥዕል በኮምፒውተር ያያል፤ ቀጭኑ ድምፅ ተቆርጦ ካገኘው "ከተጨመቀ ፋይል የተነፋ ነው" ብሎ ይደመስሰዋል፤ ካለፈለት ያስቀምጠዋል፣ ይነሳል፣ ይንጎራደዳል፣ ሌላ ፍለጋ ይገባል። እኔስ ታክቶኛል።

ሴት ልጁንም ታከታት። ስታወራው ዓይኑ ስክሪኑ ላይ እየሆነ ተኳረፉ፤ ሌላ ከተማ ሥራ ይዛ ከሄደች ዓመት ሆናት። ባለፈው ሳምንት ግን በእኔ እጅ ፍላሽ ላከችለት፤ ስንት ዘመን የፈለገው ሁለተኛው አልበም ነበር። ስምንቱ ዘፈኖች ፈተናውን አለፉ። ስም የሌለው ዘጠነኛ ፋይል ግን ሥዕሉ ከግማሽ በታች ተቆርጧል። በስልክ የተቀዳ ቆሻሻ ነው አለና ሳይከፍት አጠፋው። ስምንቱን ገልብጦ ፍላሹንም አጸዳው።

ማክሰኞ ደወለች። ስልኩን ድምፅ ማጉያ ላይ አድርጎት ስለነበር እኔም ሰማሁ።

"አባዬ፣ ሰማኸው?"

"ሰማሁት።"

"እስከ መጨረሻው?"

"እስከ መጨረሻው። እንከን የለውም።"

አለቀሰች፤ ደስ ብሏት ነው። እንግዲያው ቅዳሜ እጠብቅሃለሁ ብላ ዘጋች። እሱ ወደ እኔ ዞሮ ቅዳሜ ምን እንዳለ ጠየቀኝ። እኔ በምን አውቄ? ያኔ ዘጠነኛው ፋይል ትዝ አለውና ፊቱ አመድ መሰለ። ክፍሉን ሲዞር፣ ሲዞር እኔንም ሊያዞረኝ ደረሰ። በመጨረሻ ደወለላት።

"ልጄ፣ አልሰማሁትም። አጥፍቼዋለሁ።"

 

"ያንን ለመናገር ዓመት ፈጅቶብኛል፤ በስልክ አልደግመውም" አለች። "ቅዳሜ አራት ሰዓት እዚህ መናኸሪያ እጠብቅሃለሁ። መጥተህ ስማኝ።"

ዛሬ ሐሙስ ነው። ሸሚዙን ሁለቴ አስተኩሶኛል። ሱቁ ውስጥ የአንዲት ደንበኛ የስፌት መኪና እንደተፈታ ተቀምጧል፤ እሱ በር ላይ ቆሞ ምን ብላኝ ይሆን እያለ እኔን ይጠይቀኛል።

"ስድብም ከሆነ ይሁን" ይላል፤ "ብቻ ልስማው።"