ወጋየሁ ሞተ የተባለበት ጳጉሜ ስድስት

ወጋየሁ ኮምፒውተር የሚጠግነው ሀይሌ ጋርመንት አካባቢ ነው። ከሆሳዕና መጥቶ መካኒሳ ከገባ ወዲህ የእኛ እድር አባል ነው። ጥሩምባ ነፊው አቶ ቡዜ ጉልበታቸው ሲደክም፣ የሟች ስምና የቀብር ሰዓት ሲመዘገብ ለአባላት ሁሉ የስልክ መልእክት የሚልክ ፕሮግራም በነፃ ሠራልን። የእድሩን መዝገብ የምይዘው እኔ ነኝ፤ ዩኒቨርሲቲም የተማርኩት መዝገብ አያያዝ ነው።

በ2015 ጳጉሜ 6 ንጋት ላይ እናቴ አረፈች። ቀብሩ ዘጠኝ ሰዓት ሆነ። የአውዳመት ዋዜማ ስለነበር ሰው ሁሉ ገበያ ወጥቷል፤ መልእክቱ ካልደረሰው ማንም አይመጣም። እድሩ ቢሮ ሄጄ ስሟንና ቀኑን ጻፍኩ። «ራንታይም ኤረር» የሚል ትንሽ የስህተት መስኮት ብቅ አለና ፕሮግራሙ ተዘጋ። ደገምኩት፤ ተዘጋ። እናቴን ያለ ጎረቤት ልቀብራት ነው ብዬ ደነዘዝኩ።

ወጋየሁ ተጠርቶ እየሮጠ መጣ። ኮምፒውተሩን አጥፍቶ አበራ። ፕሮግራሙን አራግፎ እንደገና ጫነ። ያው ነው። ቀኑን ወደ አምስት ሲቀይረው ግን መስኮቱ አልመጣም፤ መላክ ብቻ ቀረ።

«በአምስት ይሂድ?» አለኝ።

«እናቴ ትናንት አልሞተችም።»

የጻፈውን ኮድ ከፈተ። ጥቂት ቆይቶ ፊቱ አመድ መሰለ። «ጳጉሜን አምስት ቀን ብቻ አድርጌ ነው የሠራሁት። ስድስት ሲባል የሚገባበት የለውም።»

አስተካከለው። አሁን ለሙከራ የሟች ስም ያስፈልጋል፤ በእናቴ ስም መሞከር ከበደው። ቢሮው ውስጥ የነበሩትን የእድሩን ሊቀመንበር አቶ ክብረትን ቀና ብሎ አያቸው።

«የኔን እንዳትነካ» አሉት። «ገና በጉን አልበላሁም።»

በዚያ ቦታ ስሙን የሚያውስ ሰው የለም። የራሱን ጻፈ። እስከ መጨረሻው መሥራቱን ለማየት «ላክ» የሚለውን ተጫነ። መልእክት የሚልከውን ስልክ ገመድ የነቀለ መስሎት ነበር፤ የነቀለው የፕሪንተሩን ነው።

መልእክቱ ለአባላት ሁሉ መድረሱን ያወቅነው ሚስቱ ፅጌረዳ ስትደውል ነው።

«ማን ነህ?» አለችው።

«እኔ ነኝ፣ ፅጌ።»

ከኋላዋ ለቅሶ ይሰማል። «ታዲያ ግቢውን የሞላው ሰው ማንን ነው የሚያለቅሰው?»

የእናቴን መልእክት ወዲያው ላከ፤ ማን ይመን? አንዱ አባል ለአቶ ክብረት ደውሎ፣ «ዛሬ ስንት ሰው ልትገድሉ ነው?» አላቸው።

ወጋየሁ ተነሥቶ ወደ ቤቱ ሄደ፤ ተከተልኩት። በሩን አልፎ ሲገባ ለቅሶው በአንዴ ቆመ። ወንበር ያወርዱ የነበሩት ሰውዬ ወንበሩን እንደያዙ ቀሩ። ጎረቤቱ እማማ ሐሚዳ ቀርበው ክንዱን ቆነጠጡት።

«ሥጋ ነህ?»

«ሥጋ ነኝ እማማ። የሞቱት የእሷ እናት ናቸው። ያልሰማችሁት በእኔ ጥፋት ነው። ቀብሩ ዘጠኝ ሰዓት ነው፤ እባካችሁ ተነሡ።»

የተንቀሳቀሰ አልነበረም። ቆይታ ፅጌረዳ ዓይኗን ጠርጋ፣ እሱን ሳታየው፣ ፊት ፊት ወጣች። ሌላው ተከተላት።

እናቴን ብዙ ሰው ቀበራት። ሲበተኑ እኔን «እግዜር ያጥናሽ» እያሉ አለፉ። አጠገቤ የቆመው ወጋየሁ ጋ ሲደርሱ ግን እጁን ይይዙትና ቶሎ አይለቁትም።