የጭላናውያን ስግደት

መብራት ጠፍቶ ክብሪት ስጭር ሽታው ወንዛዬ ፍል ውሃ ወሰደኝ። አያቴ ጉልበታቸውን ስላመማቸው ስቅለት ሳይደርስ ሊታጠቡ ሄደው፣ ትንሽ ልጅ ሆኜ ተከትያቸው ነበር። ያን ዓመት ሳልሰግድ እቀር ይሆን ብለው ሰግተው ነበር።

እግራቸውን ነክረው ሲቀመጡ ስለ ጭላናውያን አወራኋቸው። እኔው የፈጠርኳቸው የሩቅ ኮከብ ሕዝቦች ናቸው፤ እንዴት ያሉ መሰሏችሁ! ከተማቸው የተሠራው ከእንፋሎት ነው። ገላቸው እንደ ሻማ ያበራል፤ ሲጣሉ ይቀላል። ጉልበት የሚባል ነገር ግን አልፈጠረባቸውም።

«አያማቸውማ፣ የታደሉ!» ብለው ሳቁ። ከዚያ ሳቃቸውን ተዉት። «ታዲያ እንዴት ይሰግዳሉ?»

ይህን አላሰብኩበትም ነበር።

«ብርሃናቸውን ዝቅ ያደርጋሉ፣ አባባ።»

«በቃ?»

«በቃ።»

«ይቆጠርላቸዋል?»

«እንዴታ! የእነሱ ስግደት እሱ ነው።»

«አንቺ ልጅ፣ ጉድ እኮ ነሽ!» አሉና ጉልበታቸውን ማሸት ቀጠሉ።

ጉልበታቸው አልዳነም። በስቅለት ዕለት ደብረ ታቦር፣ ምእመኑ ሁሉ ሲወድቅ ሲነሣ፣ አያቴ መቋሚያቸውን ተደግፈው ቆመው ዋሉ። እኔ እየሰገድኩ አንዴ ቀና ብዬ አየኋቸው። ሰዉ ሲወድቅ ዓይናቸውን ቀስ አድርገው ጨፈኑ፤ ሰዉ ሲነሣ ገለጡ። ሰዉ እንደገና ሲወድቅ እንደገና ጨፈኑ።

ደክሟቸው ይሁን ሌላ፣ አልጠየቅኋቸውም። ዛሬ እሳቸው የሉም።

ሻማውን ለኮስኩና በመዳፌ ጋረድኩት፤ ክፍሉ ደብዘዝ አለ። መዳፌን አነሣሁ፤ በራ። እንደገና ጋረድኩት።