ሐሚዳ ለላሚቱ የነገረቻት

ለቡ መብራት ኃይል ሰፈር ውስጥ ሐሚዳን የማያውቃት የለም፤ የጠፋው የሚያጫውታት ነው። ከስልጤ መጥታ አንዲት ክፍል ተከራይታ እንቁላል መሸጥ ከጀመረች አራት ዓመቷ ነው። ከዶሮው፣ ከአህያው፣ ከሰፈሩ ውሻ ጋር በስልጥኛ ታወራለች፤ እነሱም ይሰሟታል። ሰው ግን "ነካ ያደርጋታል" ይላል። ይበል! ሐሚዳ አንድም ቀን አንገቷን ደፍታ ሄዳ አታውቅም። ብቻዋን መብላት ግን ዛሬም አልዋጥልሽ ይላታል።

ጎረቤቷ እትዬ ለሊሴ የድሮ ገበሬ ቤተሰብ ናቸው። እርሻው ላይ ፎቅ ሲበቅልበት አንዲት የፈረንጅ ላም ቀረቻቸው። በቀደም ጥጃዋ ሞተና ላሟ አልታለብም አለች። እንደ አባቶቻቸው ልማድ የጥጃውን ቆዳ ጭድ ሞልተው አጠገቧ አቆሙላት። አሸተተችና ፊቷን አዞረች። በአራተኛው ቀን ባለሉካንዳ ላሟን ለእርድ እንዲወስድ ተነገረው። የቸገረው እርጉዝ ያገባል ነውና፣ ባለሉካንዳው ሳይደርስ እትዬ ለሊሴ ሐሚዳን አስጠሩ፤ "ሰው እንዳያይ በጓሮ ትግባ" ብለው።

ሐሚዳ በዋናው በር ገባች። እሰይ የኔ ጀግና!

"መጀመሪያ ይሄን ቆዳ አውጡልኝ" አለች። "እናት በጭድ አትታለልም።"

ላሟ ጆሮ ሥር ቆማ በስልጥኛ ብዙ አወራቻት። ላሟ ጆሮዋን ቀስራ ሰማቻት፤ ከዚያ በረጅሙ ተነፈሰች። ሐሚዳ ቁጢጥ ብላ ማለብ ጀመረች። ባልዲውም ሞላ።

"አንቺ! ምን ብለሽ አሳመንሻት?" አሉ እትዬ ለሊሴ።

"ጥጃሽ ሞቷል፣ አይመለስም አልኳት። እኔም ልጄን ቀብሬ እንደመጣሁ ነገርኳት።"

"ልጅ? ምነው አራት ዓመት ሙሉ ሳትነግሪን?"

"ማን ጠየቀኝ እትዬ? ተከራይ ናት ብላችሁ እድር እንኳ አልጻፋችሁኝም።"

እትዬ ለሊሴ የእድሩ ሰብሳቢ ናቸው። ባለሉካንዳው ሲመጣ ከበር መለሱት።

እሁድ ጠዋት የእድሩን ሴቶች አስከትለው፣ ነጠላቸውን ለሐዘን አዘቅዝቀው ሐሚዳ ደጅ ቆሙ። ሐሚዳ በሩ ላይ ቀጥ ብላ አንድ በአንድ አየቻቸው።

"ዘገያችሁ" አለች። ከዚያ ገለል ብላ አስገባቻቸው። ወንበር ስለሌላት ምንጣፍ ላይ ተቀመጡ።

"ስሙ ማን ነበር?" አሉ እትዬ ለሊሴ።

"ጀማሉዲን" አለች፣ እስከ መንገዱ ድረስ እንዲሰማ።