በረቱ በር ላይ የቀረው ጎራዴኛ

የጎራዴና የአስማት ልቦለድ ለሥራ ፈት እንጂ ለቁም ነገር ሰው አይሆንም ይባላል። ሐሰት ነው። የአባቴን እግር ያዳነው እንዲህ ያለ መጽሐፍ ነው፤ ወጌሻው የራሱን ድርሻ ቢወስድ ግን ቅር አይለኝም።

አባቴ ከመሐል ሜዳ ከተማ ራቅ ብለው ገብስ የሚያርሱ፣ በግ የሚያረቡ ሽማግሌ ናቸው። አምና ከአፋፉ ተንሸራተው ቅልጥማቸው ተሰበረ። ወጌሻው በቀርከሃ ጠፍሮ አሰረውና አርባ ቀን እንዳይነሡ አዘዘ፤ ከተነሡ አጥንቱ ጠምሞ እንደሚገጥምና ከመንጋ ኋላ መዋል እንደሚቀር ነገራቸው። በሦስተኛው ቀን በጎቹን ለማየት በመቀመጫቸው እየተንፏቀቁ ደጃፍ ደርሰው አገኘናቸው።

እኔ ከደብረ ብርሃን አውቶብስ ተራ የገዛሁትን አሮጌ የትርጉም መጽሐፍ ይዤ ነበር። ሽፋኑ ተገንጥሏል፤ ርእሱንም ደራሲውንም አላውቅም። የተሻለ መጽሐፍ ቤቴ ሞልቷል፤ ሰውን አልጋ ላይ የሚያውል ግን የተሻለው አይደለም። ማንበብ ጀመርኩላቸው። ከበረዶ አገር የወረደ ባለጎራዴ ከከተማ ከተማ ይዞራል፤ የሰው በር በእርግጫ ይከፍታል፤ ጥብሱን በልቶ ይሄዳል።

አባቴ አልወደዱትም። የማን ልጅ እንደሆነ ጠየቁ፤ መጽሐፉ አይናገርም። በእንግድነት ሲገባ እግሩን ማን እንዳጠበው ጠየቁ፤ እሱንም አይናገርም። እግሩ ያልታጠበ እንግዳ ሽፍታ ነው አሉና ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ። በማግስቱ ከራሴ ጨምሬ ለጎራዴኛው እስከ ሰባት ቤት የሚቆጠር ዘር ሰጠሁት፤ በየደረሰበትም እግሩን አሳጠብኩት። አባቴ ፊታቸውን ወደ እኔ መልሰው ሰሙኝ። መጽሐፉን አሻሻልኩት ብዬም ኮራሁ።

ወደ መጨረሻው ላይ አንድ ጠንቋይ ነፍሱን ከመንጋ መካከል በአንዲት በግ ውስጥ ሸሸገ። ጎራዴኛው ሁሉንም ሊያርድ በረቱ በር ላይ ቆመ። ገጹን ገለጥኩ፤ የቀረው ተቀዷል። የአባቴ እግር እስራት ሊፈታ ገና ሁለት ሳምንት ይቀረዋል። ድምፄን ሳልለውጥ በጎቹን በሙሉ አሳረድኩ።

"ገጽ ሳትገልጥ?" አሉ አባቴ።

መጽሐፉን ከደንኩት።

"እግሩን የምታጥብለትም አንተ እንደሆንክ አውቃለሁ። ደግ አደረግህ፤ እንግዳ ነው። በግ ግን በከንቱ አታሳርድብኝ። የሰው ነፍስ ያደረባት በግ ሣር ትግጥ ይሆናል እንጂ አታመሰኳም። ጥላ ሥር አስተኝቶ አፋቸውን ማየት ነበር። ይህን ሳያውቅ ነው ጀግና የተባለው?"

ምናልባት ያውቅ ይሆናል፣ ገጹ ጠፍቶ ነው አልኳቸው።

"እንግዲያው ከመጀመሪያው ጀምር። አሁን ሳትጨምር። የሚያውቅ ሰው ከሆነ ቀድሞ ምልክት ያሳያል።"

ምልክት ስንፈልግ ሁለቱ ሳምንት አለቀ። አንድ ቦታ ላይ ጎራዴኛው መንገድ አቋርጦ ሲያልፍ የተኙ ከብቶች ሲያመሰኩ ቆሞ ያያል። መጀመሪያ የራሴን ስጨምርለት ሳላነበው ያለፍኩት አንድ መስመር ነው። አባቴ ደግመህ አንብበው አሉኝ።

እስራቱ ሲፈታ አጥንቱ ቀጥ ብሎ ገጥሟል። አሁን በትራቸውን ይዘው አፋፉ ላይ ከበጎቻቸው ጋር ይውላሉ። ስደውል ከጤንነቴ አስቀድመው የሚጠይቁኝ ስለዚያ በረት ነው። መጨረሻውን እኔ እንዳልፈጥረው ደግሞ ተከልክያለሁ።

መጽሐፉ ሙሉው ያለህ አንባቢ፣ የመጨረሻዎቹን ገጾች በስልክህ አንሥተህ ላክልኝ። በጎቹን ሁሉ አርዷቸው ከሆነ አትላክ።