የጋዝ ጉድጓዱ ዘበኞች

ኮረብታው በካርታው ላይ ቁጥር እንጂ ስም አልነበረውም። ከግርጌው በብረት የተከደነ የጋዝ ጉድጓድ ነበር። የቆፈሩት የውጭ አገር ሰዎች ናቸው፤ መንግሥታቸው ከእኛ መንግሥት ጋር ሲቃቃር ጥለውት ሄዱ። ጎረቤት አገር ደግሞ ምድሩ የእኔ ነው አለ። ጋዝ ባይገኝበት ያን በረሃ ይህን ያህል ይመኙት እንደነበር አላውቅም። እኛን ግን እዚያ ያቆመን ጋዙ ነው።

እኔ የሬዲዮ ኦፕሬተር ነበርኩ። የወረኢሉው ልጅ አስር አለቃ ይማም ይቀልድብኝ ነበር።

«የመካነ ሰላሟ፣ ይሄ ጋዝ ሲወጣ እናትሽ ቤት መብራት ይገባል፤ ኩበት መልቀም ይቀርላታል።»

«ያኔ የአንተን ፊት አጥርታ ታይና ለልጄ አይሆንም ትላለች» እለዋለሁ።

አንድ ቀን ከቀትር በኋላ አንድ ግመል አርቢ ሽማግሌ ቤተሰባቸውን ይዘው አጥሩ ድረስ መጡ። የሚጠጡበት ኩሬ ደርቋል። እኛ በአጥሩ ውስጥ ቦቴ የሚሞላው ታንከር ውሃ ነበረን።

«ለልጆቹ ብቻ» አሉ በተሰባበረ አማርኛ።

«አብሽሩ አባባ፣ እንጠይቃለን» አላቸው ይማም።

አዛዣችን መቶ አለቃው የበላይ መምሪያውን በሬዲዮ እንድጠይቅ አዘዘኝ። መልሱ አጭር ነበር፦ ሲቪል ወደ ጉድጓዱ አይጠጋ፤ ጠላት ሰላይ ይልካል። አጥሩ ላይ ቆሜ የነገርኳቸው እኔ ነኝ። በእኛ አገር ውሃ የለመነ የደመኛ ልጅም ቢሆን አይከለከልም። ይማም ኮዳውን ፈትቶ በሽቦው መሃል ለአንዲት ልጅ አቀበላት። ሌሎቻችን ኮዳችንን ወገባችን ላይ ይዘን ቆምን። ሽማግሌው አንድ በአንድ አዩን። አልተራገሙም። ግመሎቻቸውን አዙረው በደረቁ ወንዝ ወደ ድንበሩ ሄዱ።

በሳምንቱ፣ ከንጋቱ አስራ አንድ ሰዓት ላይ፣ ጠላት በዚያው ወንዝ መጣ። ፈንጂ ያላጠመድንበት በር እሱ ብቻ ነበር። መትረየሳችን ወደ ሜዳው ዞሯል። ይማም «አዙሩት» ሲል ሰማሁት። ከዚያ በኋላ አልሰማሁትም። ረፋድ ላይ ረዳት ጦር ደርሶ ጠላት አፈገፈገ።

ከእኛ ይማምን ጨምሮ አስራ አራት ሞቱ። ከእነሱ ዘጠኝ ወታደር ቆጠርን። አስረኛው ሬሳ የሽማግሌው ነበር። መሣሪያ አልያዙም፤ መንገድ መርተው ነው የመጡት።

«ከዳተኛ» አለ አንዱ ወታደር።

በወሩ ቦታውን ለሌላ ጦር አስረክበን ወጣን። አዲሱ ጦር የራሱን ቦቴ ይዞ መጥቶ ስለነበር የታንከሩን ውሃ አሸዋ ላይ ደፋነው።

ዛሬ ሬዲዮው ስለዚያ ጋዝ ያወራል፤ የትኛው አገር እንደሚገዛው፣ ቱቦው በየት በኩል ወደ ባሕር እንደሚወርድ። የእህቴ የልጅ ልጅ በቀደም «እማማ፣ እናንተ ባትኖሩ ይወስዱት ነበር እኮ» አለችኝ፤ ልታኮራኝ ፈልጋ ነው።

«ጋዙን እንኳ ጠብቀነዋል» አልኳት። አሸዋ ላይ ስለደፋነው ውሃ ግን አልነገርኳትም።