መስመር የበዛባት ነጥብ

ልጄ ዩኒቨርሲቲ የመጨረሻ ዓመቷ ላይ ለመመረቂያዋ ሰፈራችንን አጠናች። የእድራችንን ሴቶች ቤት ለቤት እየዞረች፣ ግማሹን በአማርኛ ግማሹን በኦሮምኛ፣ «ሲቸግርዎ መጀመሪያ ማን ጋ ይሄዳሉ?» እያለች ጠየቀች። መልሱን ኮምፒውተር ውስጥ ከተተችው። እያንዳንዷ ሴት ነጥብ ሆነች፤ ሲቸግራት ከምትሄድባት ሴት ጋር መስመር ያገናኛታል፤ መስመር የበዛባት ነጥብ ትተልቃለች።

እኔ ከአራተኛ ክፍል ያቋረጥኩ ነኝ። እንደገባኝ ከሆነ፣ ኮምፒውተሩ እንደኛ ያለ ሰፈር ከራሱ ደጋግሞ ይፈጥራል። ሴቶቹን እንደ ዕጣ ያገናኛቸውና የእኛ ሰፈር ከእነዚያ በምን እንደሚለይ ያሳያል።

አንድ ቀን ከሰዓት ባቄላ ስለቅም ጠራችኝ።

«እማ፣ ነይ እይ። ይቺን ነጥብ የምታክል ኮምፒውተሩ በፈጠረው በአንዱም ሰፈር አልወጣችም። በአጋጣሚ አይደለም ይላል።»

«ማን ናት?»

«አንቺ ነሻ። የሰፈሩ እናት ሆነሻል» ብላ ሳቀች።

እኔ ግን ሳቅ አልመጣልኝም። ከላይኛው ሰፈር አንድ ሰው ታስሮ ሲወሰድ፣ ምን አደረገ ቢባል፣ ቤቱ ሰው ይበዛበታል ነው የተባለው። ደግሞ ውሸት ነው። እኔ ጋ ማን ይመጣል? ልጄ ደጃቸው ቆማ ስትጠይቃቸው እናቷን ዘለው የሌላ ስም ሊጠሩ ነው? ይሉኝታ ይዟቸው እንጂ።

«አጥፊኝ» አልኳት።

«ካልጨረስኩ እኮ አልመረቅም፣ እማ።»

«እንግዲያው ሌላ ሰው ይጠይቅልሽ።»

መምህሯም ይሻላል አሏት። ከሌላ ክፍለ ሀገር የመጣች፣ ማንንም የማታውቅ የክፍል ጓደኛዋ እንደገና ዞረች። እኔንም ጠየቀችኝ። እውነቱን ነገርኳት፤ የምሄደው ከአጥሬ ማዶ ያለችው፣ ባሏ የሞተባት፣ ገበያ ገብስ የምትሸጠው ጎረቤቴ ጋ ነው።

«ይኸው፣ አሁን ትንሽ ነጥብ ነሽ» አለችኝ ልጄ።

እፎይ ብዬ ሳልጨርስ የሥዕሉን መሃል አየሁት። ሌላውም ሁሉ እውነቱን ተናግሮ ኖሯል። መስመሩ ሁሉ ወደ አንዲት ነጥብ ይሄዳል፤ የኔም እዚያው አለበት።

«ስም እኮ የለውም፣ ቁጥር ብቻ ነው» አለች ፊቴን አይታ።

ሰፈሩን ለሚያውቅ ስም ምን ያደርግለታል?

ልጄ ተመረቀች። የምረቃው ዕለት ትልቁን ድስት ያመጣችልኝም፣ ድንኳኑን ያስተከለችልኝም ያቺው ጎረቤቴ ናት።

«ምነው በልጅሽ ቀን እንዲህ ጠቆርሽ?» አለችኝ።

«ደክሞኝ ነው» አልኳት። መድከሙስ ደክሞኛል።