ከተሰበረች መርከብ የተሠራ ጣሪያ

ከደብረ ብርሃን የወጣሁ ሌሊት አባቴ እስከ መናኸሪያው ሸኙኝ። ቄስ ናቸው፤ አንኮበር አጠገብ ያለች ደብር ያገለግላሉ። በመስቀላቸው ባርከውኝ ሲያበቁ፣ «ባሕሩን ስትሻገር ዓይንህን ጨፍን» አሉኝ። እሳቸውም ባሕር አይተው አያውቁም። ፈርቼ ስለነበር ምክሩን ያዝኩ፤ ሜዲትራኒያንን ጨፍኜ፣ እየጮህኩ አለፍኩት።

አሁን የምኖረው እንግሊዝ አገር፣ አንዲት ወደብ ከተማ ውስጥ ነው። የደብረ ብርሃን ውርጭ ፀሐይ ስትወጣ ይለቃችኋል፤ የዚህ ብርድ ግን እርጥብ ነው፣ አልጋ ውስጥ ሳይቀር አብሮ ያድራል። ታዲያ ክፍሌን በተረከብኩ ማግስት አከራዬን፣ ሚስተር ሃሪ የሚባሉ ሽማግሌ ናቸው፣ «ይህ የጣሪያ እንጨት ምነው ጎበጠ?» አልኳቸው።

«የመርከብ እንጨት ነዋ» አሉ ኮራ ብለው። በቅድመ አያቶቻቸው ዘመን እዚሁ ከተማ የተሠራች፣ በሸራ የምትሄድ የንግድ መርከብ ነበረች። ከአሜሪካ ጥጥ ታመጣለች። እንደ እሷ የሚፈጥን የለም ተብሎላት፣ ሁለቴ ደርሳ ተመለሰች። በሦስተኛው ስትመለስ ማዕበል መታትና እዚሁ ደጃፏ ላይ ከዐለት ተላትማ ተሰበረች።

«ሰዎቹስ?»

«አለቁ። እንጨቱ ግን ምንም አልሆነም።»

«ሰው ያለቀበት ከሆነ እንግዲያ ኪራዩ ላይ አስተያየት ያድርጉልኛ።»

«እንዲያውም መጨመር ነበረብኝ፤ ታሪክ ያለው ቤት እኮ ነው።»

ከዚያ ወዲህ ነፋስ በነፈሰ ቁጥር ጣሪያው ሲንቋቋ እንቅልፍ የለኝም። ይባስ ብሎ ታናሽ ወንድሜ አሸናፊ ከሊቢያ ደወለልኝ። ጀልባ አግኝቷል። የመርከቧን ነገር አንድ በአንድ ነገርኩት፣ ለመንኩት።

«ሁለቴ ተመልሳ የለ?» አለኝ። «እኔ የምሻገረው አንዴ ነው።»

«አሹ፣ እባክህ ተመለስ።»

«አንተ በምን ተሻገርክ? በክንፍ?»

የደረሰ ሰው «አትምጣ» ሲል ስስት ይመስላል። እሱ ስልኩን ዘጋብኝ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስልኩ አይሠራም። እኔም ደርሷል ብዬ ለማንም መናገር እፈራለሁ፣ አልደረሰም ማለትም እፈራለሁ።

ትናንት አባቴ ደወሉ። ስለ ጤናዬ፣ ስለ ሥራዬ ጠየቁኝ።

«ነገ ቀዳሽ ነኝ፣ ልጄ» አሉኝ። «የወንድምህን የክርስትና ስም ከየትኞቹ ጋር ልጥራው? ከሕያዋን ነው ከሙታን?»

«ኔትወርኩ እየተቆራረጠ ነው፣ አባ፤ አይሰማኝም» አልኳቸው።

ጥርት ብሎ ይሰማኝ ነበር።